ወንዙ ዛሬ ምን ወሰደ?

ባለፈው ሳምንት መገናኛ ታክሲ ልይዝ ስጣደፍ፣ መንገዱ ዳር በቆርቆሮ የታጠረ አንድ ቦታ አጠገብ ደረስኩ። ለፎቅ መሠረት እየቆፈሩ ነው። ሲዘንብ ስላደረ ገርበብ ካለው በር የአፈር ሽታ ወጣ። ዝናብ ሲጀምር የሚመጣውን፣ ሰው ሁሉ የሚወደውን ሽታ ማለቴ አይደለም። ይሄኛው ፀሐይ አይቶ የማያውቅ አፈር ድንገት ሲከፈት የሚሸተው ነው፤ ቀዝቃዛ፣ ብረት ብረት የሚል፣ ተዘግቶ የኖረ ምድር ቤት የሚመስል። እግሬ ቆመ። ከኋላዬ የነበረው ሰው "ሂጂ እንጂ እህቴ" ብሎ ገፋ አድርጎኝ አለፈ።

በበሩ አሻግሬ ሳይ፣ ከጉድጓዱ ጠርዝ ላይ አንድ ሽማግሌ ጥበቃ በርጩማቸው ላይ ተቀምጠው ፀሐይ እየሞቁ ሬዲዮ ያዳምጣሉ። ከእግራቸው በታች የተቆረጠው መሬት ንብርብሩ ይታያል፤ ከላይ ፍርስራሽና ላስቲክ፣ ቀጥሎ ጥቁር አፈር፣ ከዚያ ቀይ አፈር፣ ከሥር የበሰበሰ ድንጋይ። እኔ ግን አባባን አየሁ።

አባባ የእናቴ አባት ናቸው። ሰፈሩ በሙሉ የሚጠራቸው "መምህር" እያለ ነበር። ዕድሜያቸውን ሙሉ ጂኦግራፊ አስተምረው ጡረታ ሲወጡ የቀረችላቸው ተማሪ እኔ ሮማን ብቻ ነበርኩ። ቤታችን ፈረንሳይ ለጋሲዮን፣ ዳገቱ ላይ ነው፤ ከእንጦጦ የሚወርደው ወንዝ በጓሯችን ሥር ያልፋል። ወንዝ ስል አታጋኑት። በበጋ ዘለን የምንሻገረው የቆሸሸ ውሃ ነው። ክረምት ሲገባ ግን መልኩም ድምፁም ይለወጣል።

እኔና እናቴ ዋናው ቤት ውስጥ ነበርን። አባባ ደግሞ ጓሮ፣ ወንዙ አፋፍ ላይ ያለችውን አንዲት ክፍል ይዘዋል። ክፍሏን ከአያቴ ጋር ጎጆ ሲወጡ፣ ድንጋዩን ከወንዙ እየተሸከሙ አውጥተው የሠሯት ሁለቱ ራሳቸው ናቸው። አያቴ እኔ ሳልወለድ እዚያችው ክፍል ውስጥ ነው ያረፈችው። ከዚያ ወዲህ አባባ አንድም ቀን ሌላ ቦታ ተኝተው አያውቁም ትላለች እናቴ።

የማስታውሰው ክረምት ሁለተኛ ክፍልን ጨርሼ ሦስተኛ ልገባ ስል የነበረውን ነው። እናቴ ወደ መሥሪያ ቤቷ ስትሄድ ለአባባ ትተወኛለች። አባባ ሥራ ፈት ልጅ አይወዱምና ሥራ ሰጡኝ። ዝናቡ ሲያባራ ጣሳ በገመድ አስረው ከአፋፉ ወደ ወንዙ ይለቁና ድፍርሱን ውሃ ይቀዳሉ፤ የማርማላታ ጠርሙስ ይዤ የምቀበላቸው እኔ ነኝ። ጠርሙሱን መስኮታቸው ላይ አስቀምጠን እናሳድረዋለን። ጠዋት ውሃው ጠርቶ አፈሩ ከሥር ተኝቶ ይገኛል።

"ዛሬ ምን ወሰደ?" ይሉኛል።

"ቀይ አፈር።"

"ከየት ያመጣው ነው?"

"ከእንጦጦ።"

"እንጦጦ እየቀነሰች ነዋ" ይሉና ጠርሙሱን ወደ ብርሃን ያዞሩታል።

እኔ ይሄን ቃል በቃል ነው የያዝኩት። በየጠዋቱ በራችን ላይ ቆሜ እንጦጦ ምን ያህል እንዳጠረች አያለሁ። አንድ ቀን ጉም ወርዶ ብወጣ ተራራው የለም። እያለቀስኩ ሮጬ አባባን ቀሰቀስኳቸው። "እንጦጦ አለቀች! ሁሉንም ወሰደው!" አባባ በጋቢያቸው እንደተጠቀለሉ ወጥተው ከእኔ ጋር ጉሙን ሲያዩ ቆዩ። ሳቃቸውን እንደያዙት ያወቅኩት ትከሻቸው ሲነቀነቅ ነው። ጉሙ እስኪገፈፍ ድረስ ግን አብረውኝ ቆመው ጠበቁ፤ ለዚህ እስከ ዛሬ እወዳቸዋለሁ።

ስለ አባይ ሸለቆ የነገሩኝ ጎረቤት ለግንባታ ያስወረደው የአሸዋ ክምር ላይ ነው። ማንቆርቆሪያ ውሃ ይዘው ተንበረከኩ፤ ሱሪያቸው ይቆሽሻል አላሉም። ድሮ ድሮ አባይ ያለበት ቦታ ባህር ነበር አሉኝ፤ ዛጎሉ ዛሬም ድንጋዩ ውስጥ አለ። ባህሩ ሸሸ፣ አሸዋ ተከመረበት፣ ከዚያ ምድር ተሰንጥቃ የቀለጠ ድንጋይ ወጥቶ እንደ ገንፎ በላዩ ተዘረጋ። ከዚያ በኋላ አገሩ በሙሉ ከሥር እየተነፋ ወደ ላይ ወጣ።

"ወንዙ ነው መሬቱን ወርዶ የቆፈረው ይመስልሻል። ድፎ ዳቦ እየተነፋ ሳለ ቢላዋ ከላዩ ይዘሽ ዝም ብትይ ምን ይሆናል?"

"ይቆረጣል።"

"አየሽ? ወንዙ ከቦታው አልነቃነቅም አለ፤ መሬቱ ሲነሳ ተቆረጠ።"

ማንቆርቆሪያውን ዘንበል አድርገው ውሃውን በቀጭኑ ለቀቁት። አሸዋው ላይ ጠባብ መስመር ወጣ፣ እየጠለቀ ሄደ።

"ወንዙ ቀጭን ከሆነ ሸለቆው ለምን ሰፋ?" ብዬ ጠየቅኩ።

ውሃውን ማፍሰስ ቀጠሉ። ብዙ ጊዜ ምንም አልሆነም። አሰልችቶኝ ዓይኔን ላነሳ ስል የአሸዋው ጎን ተገምሶ ድፍት አለ። በደስታ አጨበጨብኩ።

"ይኸውልሽ" አሉ። "ሥሩን ቀስ እያለ ይበላዋል። ጎኑ ግን በአንዴ ነው የሚወርደው። ዓመት ይመጣል ምንም የለም፣ ዓመት ይሄዳል ምንም የለም፤ ከዚያ አንድ ከሰዓት በኋላ ይወርዳል። ስፋቱ ከዚያ ነው የሚመጣው።"

ይህን ያሉኝ በራሳቸው አንደበት ነው። ቃሉ አሁንም ጆሮዬ ላይ አለ።

ያኔውኑ ቃል ገቡልኝ። መስከረም ሲጠባ፣ ትምህርት ሳይከፈት፣ በጠዋቱ አውቶቡስ ጎሐ ጽዮን ድረስ ሄደን አባይን ከአፋፉ እናየዋለን፤ ከቻልን ድልድዩ ድረስ እንወርዳለን። እኔም ከዚያ ቀን ጀምሮ ጓሯችን ያለውን ቦረቦር የአባይ ታናሽ ወንድም አደረግኩት። ሲያድግ ሰዎች በመኪና እየመጡ እንደሚያዩት፣ እኔም በራችን ላይ ቆሜ እንደማስጎበኝ ለሰፈር ልጆች አወራሁ። አንድ ማታ እራት ላይ "እማዬ፣ ሸለቋችን ዛሬ አደገ! የአጥሩን እንጨት በላው" አልኩ። እናቴ ጉርሻዋን ሳህኑ ላይ መልሳ፣ ጃንጥላ ይዛ ወጣች። ስትመለስ ጫማዋ ጭቃ፣ ፊቷ አመድ መስሏል።

"አባዬ፣ ከዛሬ ጀምሮ እዚህ ዋናው ቤት ይተኙ። አልጋዬን ይያዙት፤ እኔና ሮሚ ወለል ይበቃናል።"

"ይሄ ወንዝ እዚህ ለመድረስ ስንት ሺህ ዓመት እንደፈጀበት ታውቂያለሽ?"

"አላውቅም አባዬ።"

"እንግዲያው ለእኔ ዕድሜ ይበቃኛል" አሉና ወጡን አጣቅሰው ጎረሱ። እናቴም ወደ ጉርሻዋ ተመለሰች። በእኛ ቤት አባባ የተናገሩት ላይ አይጨመርም።

በዚያው ሰሞን ፀሐይ ብልጭ ያለች ቀን እንጦጦ ይዘውኝ ወጡ። ባህር ዛፉ ውስጥ እያረፍን፣ እየተንፏቀቅን ጫፉ ላይ ደረስን። አባባ ኮዳቸውን ከፈቱና ጥቂት ውሃ በእኛ በኩል፣ ጥቂት ደግሞ ወደ ሱሉልታ በሚወርደው በኩል አፈሰሱ። የእኛው ወደ ቀበና፣ ወደ አቃቂ፣ ከዚያ አዋሽ ገብቶ አፋር በረሃ ውስጥ ባህር ሳያይ ይቀራል አሉኝ። የወዲያኛው ግን በሙገር አድርጎ አባይ ይገባል፤ ሸለቆውን የሚቆርጠው እሱ ነው፤ ባህር የሚደርሰውም እሱ ነው።

የእኛ ወንዝ የአባይ ታናሽ ወንድም እንዳልሆነ፣ በረሃ ላይ እንደሚሞት በዚያ ቀን ነው የሰማሁት። አባባ ማልቀሴን አይተው ኮዳውን ሰጡኝ። ያለውን ውሃ ሁሉ በወዲያኛው በኩል ደፋሁት። ስንመለስ በውሃ ጥም አለቅን፤ እሳቸው ግን አንዴም አላነሱብኝም።

እዚያው ድንጋይ ላይ እንደተቀመጥን "አባባ፣ አባይን ስንት ጊዜ አይተውታል?" አልኳቸው።

የጫማቸውን ክር ፈተው እንደገና አሰሩ። "በጠመኔ ስንት ጊዜ እንደሳልኩት አልቆጥረውም። በዓይኔ ግን አላየሁትም፤ አያትሽም አላየችውም። በየዓመቱ መስከረም ሲጠባ እንሄዳለን እንባባል ነበር።"

እኔ በዚያ ዕድሜዬ የተረዳሁት፣ አባይ ሩቅ ስለሆነ ለመሄድ ብዙ መስከረም እንደሚያስፈልግ ነው።

ከእንጦጦ በመጣን በሁለተኛው ወይም በሦስተኛው ቀን፣ ከአፋፉ ላይ አዲስ የተቆረጠው አፈር ውስጥ አንድ ነጭ የሚያብረቀርቅ ነገር አገኘሁ። ክብ ነው፤ ሲያዞሩት ሮዝና አረንጓዴ ይላል። ዛጎል! እንግዲያው እኛም ቦታ ባህር ነበረ ማለት ነው። እየበረርኩ ሄጄ እጃቸው ላይ አኖርኩት። አባባ ብዙ አዩት። በአውራ ጣታቸው ጭቃውን ሲጠርጉት ሁለት ትንንሽ ቀዳዳዎች ወጡ።

"የባህር ነው አይደል?" አልኩ።

"አዎ" አሉ፣ ድምፃቸው ዝቅ ብሎ። "ከባህር የመጣ ነው።" መልሰው ሰጡኝና ክፍላቸው ገቡ። በዚያ ቀን ጠርሙስ አልሞላንም።

ነሐሴ ሲጋመስ ሰፈሩ መጣ። ያመጧቸው ሱቅ ያላቸው፣ የእድሩን ነገር የሚያስተባብሩት እትዬ ወይንሸት ናቸው። ቅዳሜ ጠዋት አካፋና ዶማ የያዙ ወንዶች፣ ባዶ ጆንያ የተሸከሙ ሴቶች ግቢያችንን ሞሉት። ሐሳባቸው ቀላል ነበር። የአባባን ክፍል እናፍርሳት፣ አፋፉ ይቅለለው፣ ድንጋዩን ለድጋፍ ግንብ እናድርገው፣ በጆንያ አፈር ሞልተን ከሥር እንደግፈው። ዋናው ቤት ይተርፋል።

አባባ ኮታቸውን ለብሰው ወጡ። የተቀመጠው ሁሉ ተነሳ፤ ኮፍያ ያደረገ አወለቀ። ግማሹ የእሳቸው ተማሪ የነበረ ነው። አባባ እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው፣ ክፍል ውስጥ እንደቆሙ ሁሉ ማስረዳት ጀመሩ። የዚህ አገር ድንጋይ ምን ያህል ጠንካራ እንደሆነ፣ ወንዝ በሰው ዕድሜ እንደማይለካ፣ አባይ እንኳ ያን ጥልቀት ለማግኘት ሚሊዮን ዓመታት እንደፈጀበት ተናገሩ። ድምፃቸው ያምር ነበር። ሁሉም ራሱን ይነቀንቃል። እናቴ በሩ ላይ ቆማ የነጠላዋን ጫፍ ትጠመዝዛለች።

"ክፍሏን ማንም አይነካትም" ብለው ጨረሱ። "ለመምጣታችሁ ግን እግዚአብሔር ያክብርልኝ።"

እትዬ ወይንሸት አፋቸውን ከፈቱ፣ እናቴን አዩ፣ ወደ አፋፉ አዩ። "እሺ መምህር። እርስዎ ካሉ" አሉ። ቆሎ ቀርቦላቸው ቆመው ቀማመሱና ባዶ ጆንያቸውን አጣጥፈው ሄዱ። እኔ በኩራት ልፈነዳ ደርሼ ነበር፤ ሰፈሩን በሙሉ በአንድ ትምህርት የመለሰ አያት ያለኝ እኔ ብቻ ነኛ።

ጳጉሜ ላይ፣ የሩፋኤል ዕለት፣ ዝናቡ ጠበል ነው ተብሎ ሰው ሁሉ ውጭ ነበር። እኛ ልጆች በፓንት ብቻ ግቢ ውስጥ እንዘላለን፤ እናቴ ባልዲና ድስት ደርድራ ትቀበላለች። አባባም ከክፍላቸው ወጥተው ዋናው ቤት አሸንዳ ሥር መላጣቸውን ሰጥተው ቆመዋል። ፊታቸው ላይ የሚወርደውን ውሃ እየጠረጉ ሲስቁ አየኋቸው። ያቺ የመጨረሻዋ ሳቃቸው ናት ብል ማጋነን አይሆንም።

ድምፁ ትልቅ አልነበረም። አንድ ሰው ከባድ ጆንያ ከትከሻው መሬት ላይ ሲጥል የሚሰማው ዓይነት ነው። ከዚያ ያ ሽታ መጣ፤ ቀዝቃዛው፣ ብረት ብረት የሚለው። ስንዞር ጓሯችን ሰፍቷል። ክፍሏ የነበረችበት ቦታ ላይ ሰማይና የወዲያኛው ማዶ ቤቶች ይታያሉ። አልጋቸው፣ መጻሕፍቱ፣ መስኮቱ ላይ የተደረደሩት ጠርሙሶቻችን፣ ሁለቱ የተሸከሙት ድንጋይ ሁሉ ወደ መጣበት ወንዝ ተመልሷል።

"አባባ፣ እንደ አሸዋው ሆነ!" አልኩ።

ወደ እኔ አልዞሩም። ዝናቡ እየመታቸው እዚያው ቆሙ፤ እናቴ በክንዳቸው ይዛ እስክታስገባቸው ድረስ አልተንቀሳቀሱም።

ያን ዕለት ማታ ቤቱ በሰው ተሞላ። እትዬ ወይንሸት ከእናቴ ጎን ምድጃው አጠገብ ተቀምጠው ሲያለቅሱ ሰማኋቸው። "ሰባተኛ ክፍል እያለሁ እኮ ነው ያስተማሩኝ። 'ጎኑ በአንዴ ነው የሚወርደው' ብለው በጠመኔ ስለው አሳይተውኛል። የዚያን ቀን ቅዳሜም ምላሴ ጫፍ ላይ ነበር። ግን እሳቸው ያስተማሩኝን እንዴት ብዬ መልሼ ለእሳቸው ልንገራቸው?"

እናቴ "እኔም አውቅ ነበር" አለች። ግቢያችንን ሞልቶ ራሱን ሲነቀንቅ ከነበረው ሰው መካከል ያንን ትምህርት ያልተማረ ስንቱ እንደነበር ሳስበው ዛሬም ያንገበግበኛል። አንድ ሰው፣ አንድ ብቻ፣ "መምህር፣ አይሆንም" ቢላቸው ኖሮ እላለሁ።

ዋናውም ቤት አያስተማምንም ተባለና መስከረም ሲጠባ ዕቃችንን ጭነን ካራ ተከራየን። ሜዳ ነው፤ ወንዝ አይሰማም። አባባ መስኮት አጠገብ ተቀምጠው ይውላሉ። ስለ ጎሐ ጽዮን አንስቼ ነበር፤ እናቴ በዓይኗ ተቆጣችኝ። አንድ ቀን ዝናብ ሲዘንብ የመንገዱን ጎርፍ በጠርሙስ ቀድቼ መስኮታቸው ላይ አሳደርኩት። ጠዋት አጠገባቸው ቆሜ ያንን ጥያቄ ጠበቅኩ። ጠርሙሱን አይተው "ጠርቷል" ብቻ አሉ።

በዚያው ሰሞን ሀብቴን ሁሉ የማኖርበትን የብስኩት ቆርቆሮ ወለሉ ላይ ገልብጬ ስጫወት እናቴ ዛጎሌን አነሳችው። "ይሄን ከየት አመጣሽው? ከዛጎል የተሠራው የእማዬ ቀሚስ አዝራር እኮ ነው። የሞተች ጊዜ አሮጌ ልብሷን አባዬ ከክፍሏ ግድግዳ ሥር ነው የቀበሩት።"

አባባ ከመስኮቱ ሆነው ሰምተዋል። "ሮሚ፣ ነይ" አሉኝ። ሄድኩ። እጄን ያዙ።

"የማላውቅ ይመስልሽ ነበር?"

አጠገባቸው ተቀመጥኩ።

"አውቄ ነው። ወንዙ ግድግዳዋ ሥር መድረሱን አንቺ አዝራሩን ያመጣሽ ቀን ነው ያወቅኩት። ጊዜው ረጅም እንዲሆን ፈልጌ ነው እንጂ።"

እኔ ስለ አባይ የሚያወሩ መስሎኝ "ረጅም ነው እኮ አባባ፣ ሚሊዮን ዓመት!" አልኳቸው። ራሴን ዳበሱኝ። የሚቀጥለውን ክረምት አላዩትም።

ባለፈው ሳምንት፣ ያን ቀን፣ መገናኛ ታክሲ ሰልፉ ጋ ደርሼ ነበር፤ ተመለስኩ። የቆርቆሮውን በር ገፍቼ ገባሁ።

"እንደምን አደሩ አባቴ።"

"እግዚአብሔር ይመስገን ልጄ። ሥራ ፈልገሽ ከሆነ ኢንጂነሩ አልገባም።"

"ሥራ አይደለም። በርጩማዎን ከጠርዙ ራቅ ያድርጉት ልልዎት ነው። ሲዘንብ ነው ያደረው፤ ይሄ ጎን ይወርዳል።"

ሬዲዮውን ዝቅ አድርገው ሳቁ። "ከተቆፈረ ጀምሮ የምቀመጠው እዚሁ ነው። ፀሐይዋ ያለችው እዚህ ጋ ነው። ምንም ሆኖ አያውቅም።"

በዕድሜ አባቴ ይሆናሉ። እንደ አስተዳደጌ "እሺ፣ እርስዎ ካሉ" ብዬ መውጣት ነበረብኝ፤ እግሬም ወደ በሩ ዞሮ ነበር።

"አይሆንም አባቴ" አልኩ። "ይነሱልኝ።"

ሳቃቸው ጠፋ። ከእግሬ እስከ ራሴ አዩኝ፤ አፍሬ ፊቴ ጋለ። እጄን ግን ዘርግቼ አልመለስኩትም። እያጉረመረሙ ያዙኝና ተነሱ። በርጩማቸውን አንስቼ ከአጥሩ ሥር አኖርኩላቸው። ተቀመጡ፣ ሬዲዮአቸውን ጭናቸው ላይ አደረጉ፣ ቀና ብለው አዩኝ።

"እዚህ እኮ ፀሐይ የለም" አሉኝ።

"አውቃለሁ" አልኩና፣ ተመልሰው እንዳይሄዱ፣ አጠገባቸው ቆሜ ቆየሁ።